የአዘጋጁ ማስታወሻ፦ የአይቭስ ቅጠሎች

ቀን በኒው ዮርክ የሕይወት ኢንሹራንስ ድርጅት እየመራ ማታ ሙዚቃ ይደርስ የነበረው አሜሪካዊው ቻርልስ አይቭስ፥ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ1954 ዓ.ም. ሲያርፍ፥ በእርሳስ የተሞነጫጨረ፥ የአንዱ ድርሰት ንድፍ ከሌላው ጋር በአንድ ገጽ የተደባለቀበት የኖታ ወረቀት ክምር ትቶ ነበር። ይህን ክምር መርምሮ፥ የትኛው ቅጠል ከየትኛው ድርሰት እንደ ተነጠለ ለይቶ በ1960 መዘርዝሩን ያወጣው ጆን ኪርክፓትሪክ፥ አስቀድሞ በ1939 የአይቭስን «ኮንኮርድ» ሶናታ በኒው ዮርክ የሙዚቃ አዳራሽ በታውን ሆል በፒያኖ ያሰማ ሊቅ ነበረና፥ ጣቱ የሚያውቀውን ዜማ ዓይኑ በኅዳግ ላይ ተበትኖ ቢያገኘውም አልሳተውም። የዚህ እትም ዋና መጣጥፍ ይህንኑ ድካም ይተርካል። የሙዚቃ ተመራማሪው ሜናርድ ሰለሞን በ1987 አይቭስ በድርሰቶቹ ላይ ያሰፈራቸው ቀኖች ይታመናሉን ብሎ ያስነሣው ክርክርም ስፍራውን አግኝቷል፤ እኔ ግን የኪርክፓትሪክ ትዕግሥት ይበልጥ ይደንቀኛልና፥ አንባቢ ስለ ቅጠሎቹ አደራደር የተጻፈውን ክፍል ሳይዘል እንዲያነብ እለምናለሁ።