በጋምቤላ ቋንቋዎች ያልተናገረው ጣቢያ

የብሥራተ ወንጌል ራዲዮ የካቲት 19 ቀን 1955 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ሥራ ሲጀምር ዓይኑን የጣለው ሩቅ ነበር። የሉተራን ዓለም አቀፍ ፌዴሬሽን ያቆመው ይህ ጣቢያ ሁለት ባለ 100 ኪሎዋት የአጭር ሞገድ ማሰራጫዎች ነበሩት። በአማርኛ፣ በዐረብኛ፣ በስዋሂሊ፣ በሂንዲ፣ በማላጋሲ፣ በሐውሳና በፉላኒ ቋንቋዎች መዝሙርና ትምህርት ያሰራጭ ነበር። የሰሜን ካሜሩን ከብት አርቢ ከአዲስ አበባ የሚመጣውን ድምፅ በገዛ ቋንቋው ሰምቷል። እዚሁ አገር ውስጥ፣ ጋምቤላ ባሮ ወንዝ ዳር የሚኖር አኙዋክ ወይም ኑዌር ግን ያን ጣቢያ የሚሰማው ከገዛ ቋንቋው ሌላ ቋንቋ ካወቀ ብቻ ነበር።

ይህ ሁኔታ ለጋምቤላ ምእመናን እስከ ዛሬ የዘለቀ ጉዳት አድርሷል እላለሁ። ጉዳቱን በትክክል ለማየት ደግሞ ብሥራተ ወንጌል ከተወረሰ በኋላ ምን ተረፈ ብሎ መጠየቅ ያስፈልጋል።

ደርግ ጣቢያውን የወረሰው መጋቢት 3 ቀን 1969 ዓ.ም. ነው። ስሙ ወዲያውኑ ተለውጦ «የአብዮታዊት ኢትዮጵያ ድምፅ» ተባለ። ማሰራጫው፣ ዋናው ስቱዲዮና ሕንፃው ሁሉ ባንድ አካባቢ የተከማቸ ስለነበር አንድ ትእዛዝ በቃው። በ15ኛው ቀን፣ መጋቢት 18፣ ጋምቤላ ውስጥ በአኙዋክ መካከል ለዓመታት ያገለገለው አሜሪካዊው የፕሬስቢቴሪያን ሚሲዮናዊ ዶን ማክሉር ጎዴ ላይ ተገደለ። ሁለቱ ክስተቶች በምክንያት አይገናኙም፤ የጋምቤላ ክርስቲያኖች ግን በአንድ ወር ውስጥ ሁለቱንም አጡ።

ይሁን እንጂ ብሥራተ ወንጌል ሙሉ በሙሉ አልሞተም። ጣቢያው ለየቋንቋው የሚሆነውን ፕሮግራም ሁሉ አዲስ አበባ አላዘጋጀም። በየአገሩ ትንንሽ ስቱዲዮዎች ነበሩት፤ እዚያ የተቀዳው ክር ተልኮ ከአዲስ አበባ ይተላለፍ ነበር። የስዋሂሊው ታንዛኒያ ውስጥ ሞሺ፣ የፉላኒው ካሜሩን ውስጥ ንጋውንዴሬ ይሠራ ነበር። ማሰራጫው ሲወረስ እነዚህ ስቱዲዮዎች ከነሠራተኞቻቸው፣ ከነዘማሪዎቻቸው፣ ከነክር መደርደሪያቸው በቦታቸው ቀሩ። ሥራቸውንም ቀጠሉ። የሞሺው ሳውቲ ያ ኢንጂሊና የንጋውንዴሬው ሳውቱ ሊንጂላ ከጊዜ በኋላ በየከተማቸው የኤፍ ኤም ጣቢያ ሆነዋል። እዚህ አገርም የመካነ ኢየሱስ ቤተ ክርስቲያን የየምሥራች ድምፅ ስቱዲዮ ፕሮግራሙን ከሲሸልስ በሚተላለፍ ሞገድ ለኢትዮጵያ አድማጭ ማድረሱን ቀጠለ። የተረፉት እንግዲህ ትንንሾቹና ለሰዉ የቀረቡት ናቸው። ጋምቤላ እንዲህ ያለ ስቱዲዮ ቢኖራት ኖሮ እሷም ከተረፉት አንዷ በሆነች ነበር።

ለምን አልኖራትም? ሰው ስላልነበራት አይደለም። የፕሬስቢቴሪያን ሚሲዮን በ1940ዎቹ ዓ.ም. ባሮ ዳር ፖክዎ ላይ ጣቢያ ከፍቶ ነበር፤ ከሚሲዮኑ ሥራ የበቀለው የቤቴል ቤተ ክርስቲያንም በ1966 ዓ.ም. ከመካነ ኢየሱስ ጋር ተዋሕዷል። ዋናው ምክንያት የጊዜው የቋንቋ ፖሊሲ ይመስለኛል። በ1936 ዓ.ም. የወጣው የሚሲዮኖች ድንጋጌ ማስተማሪያው አማርኛ እንዲሆን አዝዞ፣ የአካባቢ ቋንቋ በመጀመሪያው ደረጃ በቃል ብቻ እንዲነገር ነበር የፈቀደው። በጽሑፍ የተከለከለ ቋንቋ በራዲዮ ይፈቀድለታል ብሎ መጠበቅ ሞኝነት ነው። ቤተ ክርስቲያኒቱም ብትሆን፣ እውነቱን ለመናገር፣ ለጠረፍ ቋንቋዎች ስቱዲዮ ስጡን ብላ አጥብቃ መጮህ ነበረባት።

የዘመኑን አድልዎ የሚያጋልጠው ግን ቀጥሎ የመጣው ነው። የመዝሙሩን ጣቢያ የወረሰው ያው ደርግ ከ1977 እስከ 1983 ዓ.ም. የደቡብ ሱዳን አማፅያን የኤስ ፒ ኤል ኤ ራዲዮ ከኢትዮጵያ ምድር እንዲያሰራጭ ፈቀደ። ያኔ ጋምቤላ ውስጥ ያሉት የኢታንግና የፑኝዶ መጠለያዎች በደቡብ ሱዳን ስደተኛ ተሞልተው ነበር። ሬዲዮ ያለው ሰው የደከመውን የባትሪ ድንጋይ ፀሐይ ላይ አስጥቶ፣ ጥቂት ነፍስ ሲዘራ መልሶ ከትቶ የጦርነቱን ወሬ ያዳምጣል። በነዚያው መጠለያዎች ብዙ ኑዌሮች ወደ ክርስትና እየገቡ፣ ሴቶችና ወጣቶች አዳዲስ መዝሙር እያወጡ ነበር። መዝሙሩ በኖታ አልተጻፈም፤ አንዱ ይመራል፣ ጉባኤው ይቀበላል፣ ቡል የሚሉት ከበሮ ይመታል። ለጦርነቱ ማሰራጫ ተገኘ፤ ለመዝሙሩ የተገኘው የካሴት ቴፕ ብቻ ነበር።

ካሴት ደግሞ ምን ያህል እንደሚያስቀር የቀዳበት ሰው ያውቀዋል። ቴፑ ከከበሮው አጠገብ መሬት ላይ ከተቀመጠ ድብደባው የሴቶቹን ድምፅ ይውጠዋል፤ ራቅ ካለ ግጥሙ አይለይም። የአኙዋክን ቶም የተባለ የሙዚቃ መሣሪያ በጣት እየተነካ እንዲህ መቅዳትማ ከዚያ የባሰ ነው፤ ቀጭን ድምፁ የሚያዘው ማይክሮፎኑ ሲጠጋውና ዙሪያው ጸጥ ሲል ነው። ዛሬ ካሴቱን ስልክና ሚሞሪ ተክተውታል፤ መዝሙሩ ከእጅ ወደ እጅ በፍጥነት ይሄዳል፤ ማን እንዳወጣው፣ የት እንደተዘመረ የሚመዘግብ ግን የለም። ሚሞሪው ሲበላሽ መዝሙሩም አብሮ ይጠፋል። እኔን ከሁሉ የሚያንገበግበኝ ይህ ነው። እንደ ሞሺው ያለ የከተማ ጣቢያ ዋና ጥቅሙ ስርጭቱ ሳይሆን ደህና አድርጎ ቀድቶ፣ ስም ጽፎ፣ መደርደሪያ ላይ ማስቀመጡ ነው።

በ1999 ዓ.ም. ሕዝብ ቆጠራ የክልሉ ነዋሪ 307,096 ሲሆን 70 በመቶው ፕሮቴስታንት ነበር፤ ኑዌር 47 በመቶ ገደማ፣ አኙዋክ 21 በመቶ። ዘማሪውም አድማጩም አለ ማለት ነው። በዚያው ዓመት የወጣው የብሮድካስት አገልግሎት አዋጅ ቁጥር 533 ግን የሃይማኖት ድርጅት የብሮድካስት ፈቃድ እንዳይሰጠው ከለከለ። አዋጁ በ2013 ዓ.ም. በመገናኛ ብዙኃን አዋጅ ቁጥር 1238 ተተክቷል። መንግሥት ሃይማኖትን በማሰራጫ የማጋጨት ስጋት አለኝ ቢል አልፈርድበትም፤ ጋምቤላ በብሔረሰብ ግጭት ደም የፈሰሰባት ከተማ ናት። ምእመኑም ቢሆን በየቋንቋው ተለያይቶ ነው የሚያመልከው። ጋምቤላ የሚከፈት ጣቢያ የአንድ ወገን ንብረት ከሚሆን ባይኖር ይሻላል።

ለዚህ መልስ የሚሆን ልምድ ራሱ ብሥራተ ወንጌል ትቶልናል። ከፕሮግራሙ 30 በመቶ ያህሉ ብቻ ስብከትና አምልኮ ነበር፤ ቀሪው ጤና፣ እርሻ፣ ዜናና ትምህርት። በጋምቤላ ይህ ማለት ባሮ ሲሞላ የሚያስጠነቅቅ፣ ስለ ወባ የሚናገር፣ በመካከሉ የኑዌር ጉባኤ መዝሙርና የአኙዋክ ቶም፣ የመዠንገር፣ የኦፖና የኮሞ ዜማ በአንድ ሰዓት ውስጥ አከታትሎ የሚያሰማ ጣቢያ ማለት ነው። ቦርዱም ከየቋንቋው ይውጣጣ፤ የጠዋቱ ሰዓት በየሳምንቱ ይዘዋወር። ስቱዲዮው ደግሞ የስርጭት ፈቃድ እስኪመጣ መጠበቅ የለበትም። የሞሺና የንጋውንዴሬ ሰዎች የጀመሩት የራሳቸው ማሰራጫ ሳይኖራቸው ነው። ጋምቤላ ያሉ አብያተ ክርስቲያናት ድምፅ የማያስተጋባ አንድ ክፍል፣ ሁለት ጥሩ ማይክሮፎንና ሦስት ቋንቋ የሚጽፍ አንድ መዝጋቢ ይዘው ዘንድሮ መጀመር ይችላሉ፤ ቀድመው መቀዳት ያለባቸውም በኢታንግ ዘመን መዝሙር ያወጡት፣ አሁን ያረጁት እናቶች ናቸው።