የሳይክል መንገድ የሚለካው በልጅ ነው

ከባሕር ዳር የሚለጠፉትን የሳይክል መንገድ ፎቶዎች ሳይ አንድ ሐሳብ ሲመላለስብኝ ከረመና ልጻፈው አልኩ። ረዘም ይላል፣ ታገሱኝ።

ባሕር የሌላት አገራችን የባሕር ዳር ከተማ ብትባል እሷው ናት፤ ስሟም ይናገራል። ሜዳ ናት፣ ጣና አጠገቧ ነው፣ መንገዶቿ ዘንባባና ጥላ አላቸው። ለዚህ ነው ሳይክል ከድሮ ጀምሮ የከተማው ሰው እግር የሆነው። ተማሪውም ሠራተኛውም በሳይክል ሲመላለስ "የሳይክል ባህል እናስፋፋ" ብሎ ስብሰባ የጠራ አልነበረም። በኋላ ባጃጁና መኪናው ሲበዛ ሳይክሉ ወደ ዳር ተገፋ። አሁን በኮሪደር ልማቱ የራሱ መስመር እየተሠራለት ነው። ግንቦት 2016 የተመረቀው 380 ሜትር ርዝመት ያለው አዲሱ የዓባይ ድልድይም የእግረኛና የሳይክል መሄጃ አለው። ደስ ይላል።

ግን መስመሩ ለማን ነው? ለጎረምሳ ከሆነ፣ ጎረምሳ መስመር ባይኖርም ይነዳል። የኔ መለኪያ ሌላ ነው፦ የ10 ዓመት ልጅ ብቻዋን ትነዳበታለች ወይ? እናት ሕፃኗን ከኋላ አስቀምጣ ሳትሳቀቅ ትሄድበታለች ወይ? ባጃጅ ከቆመበት፣ ዕቃ ከተዘረጋበት፣ መስቀለኛ ላይ ሲደርስ ከጠፋ፣ እሱ ቀለም ነው እንጂ መንገድ አይደለም።

ሆላንዶች ሳይክል ይዘው የተወለዱ ይመስለናል። እንደዛ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1971 ብቻ ከ400 በላይ ልጆች በትራፊክ አደጋ ሞተውባቸዋል። የልጆቻችን ሞት ይቁም ብለው ወላጆች አደባባይ ወጡ፣ መንገድ ዘጉ። ዛሬ የምንቀናበት የሳይክል መንገድ ከዚያ ጩኸት በኋላ የመጣ ነው። መነሻው የልጅ ነፍስ እንጂ የከተማ ውበት አልነበረም።

ወደኛ ቆላ ልምጣ። ገንዳ ውሃም መተማ ዮሐንስም ለሳይክል ከጎንደር ዳገት ይሻላሉ፤ ሜዳ ናቸው። ችግሩ ከአዘዞ ተነስቶ እስከ ጋላባት ድንበር የሚወርደው አስፋልት ከተሞቻችንን መሃል ለመሃል ሰንጥቆ ያልፋል። ሰሊጥ የጫነ መኪና፣ ባጃጅ፣ የአህያ ጋሪ፣ ከብት፣ ደብተር የያዘ ተማሪ፣ ሁሉም እዚያው ላይ ነው። ተማሪ ከሩቅ በእግሩ መጥቶ ሲደርስ ላብ አጥምቆታል፣ የመጀመሪያውን ክፍለ ጊዜ እንቅልፍ ይወስደዋል። ሳይክል ያለው ቤተሰብ እንኳ መኪናውን ፈርቶ ለልጁ አይሰጥም።

"መምህር፣ ሰላም አጥተን አንተ ስለ ሳይክል ታወራለህ?" የምትሉኝ አላችሁ። እውነታችሁን ነው፣ ሰላም ይቅደም። ግን ልጅ ያለ ስጋት ትምህርት ቤት ደርሶ የሚመለስበት መንገድ የሰላም አንዱ ምልክት አይደለም ወይ? ደግሞ አዲስ ሰፈር ሲሸነሸን ሁለት ሜትር መተው ምንም አያስወጣም። ቤትና ሱቅ ከተሠራበት በኋላ ግን ማፍረስ ነው፣ ካሳ ነው፣ ለቅሶ ነው።

ስለዚህ ሦስት ነገር እላለሁ።

አንደኛ፣ መስመሩ ከዋናው አስፋልት ይራቅ። በውስጥ ለውስጥ መንገድ ሰፈርን ከትምህርት ቤት፣ ከጤና ጣቢያና ከገበያ ያገናኝ።

ሁለተኛ፣ ጥላ። እኛ ዘንድ መጋቢትና ሚያዝያ ላይ ሙቀቱ 40 ዲግሪ ያልፋል። ጥላ የሌለው የሳይክል መንገድ ምጣድ ነው። ኒም ደግሞ አገሩን ለምዶታል፤ ከአስፋልቱ በፊት ኒሙ ይተከል።

ሦስተኛ፣ እስከዚያው በወር አንድ እሁድ ጠዋት አንድ መንገድ ለልጆች ይዘጋ። አዲስ አበባ ኅዳር 2011 "መንገድ ለሰው" ብላ ስትጀምር አስፋልቱን የሞሉት ልጆች ነበሩ። ለዚህ በጀት አያስፈልግም፣ ገመድና ሁለት ትራፊክ ፖሊስ ይበቃል። ሳይክል የሌለው በተራ ይነዳል፤ ሴቶች ልጆችም ሰው ሳያፈጥባቸው ይለማመዳሉ።

ከተማሪዎቼ መካከል ዛሬ መሐንዲስ የሆናችሁ፣ በየከተማው ማዘጋጃ ቤት የምትሠሩ እንዳላችሁ አውቃለሁ። ፕላን ስትስሉ ያቺን የ10 ዓመት ልጅ አስቧት። እሷ ከነዳችበት ሁላችንም እንነዳበታለን።

እስኪ እናንተ ባላችሁበት ከተማ እንዴት ነው? ልጃችሁን ብቻውን በሳይክል ትልካላችሁ? ጻፉልኝ።