ከሠንጠረዡ በፊት እኩልዮሹን ማንበብ

የአንድን ቀጥተኛ መስመር እኩልዮሽ ሰጥተን ግራፉን እንዲሥል የምንጠይቀው ተማሪ አብዛኛውን ጊዜ የሚጀምረው ሠንጠረዥ በማዘጋጀት ነው። ከ−2 እስከ 2 ያሉትን ቁጥሮች ይደረድራል፤ እያንዳንዱን በእኩልዮሹ ውስጥ ተክቶ ያሰላል፤ አምስቱን ነጥቦች በማስመሪያ ያገናኛል። ሥራው ትክክል ነው። ሆኖም መስመሩ ለምን ወደዚያ አቅጣጫ እንዳዘነበለ ቢጠየቅ ከነጥቦቹ ውጭ የሚጠቅሰው ምክንያት ላይኖረው ይችላል። በዚህ ጸሐፊ እምነት ከሠንጠረዡ መቅደም ያለበት እኩልዮሹን ማንበብ ነው።

አንድ ምሳሌ እንመልከት። በታችኛው የከባቢ አየር ክፍል ከፍታ በ1 ኪሎ ሜትር በጨመረ ቁጥር ሙቀት በአማካይ 6.5 ዲግሪ ሴልሺየስ ያህል ይቀንሳል። በባሕር ጠለል ላይ ሙቀቱ 30 ዲግሪ ነው ብለን ብንነሣ፣ ሙቀትን በ«ሙ»፣ በኪሎ ሜትር የተለካውን ከፍታ በ«ከ» ወክለን ሙ = 30 − 6.5ከ ብለን መጻፍ እንችላለን። ይህን ለመሣል ሠንጠረዥ አያስፈልግም። 30 መስመሩ ቋሚውን ዘንግ የሚያቋርጥበትን ቦታ ይነግረናል፤ −6.5 ደግሞ አንድ አሃድ ወደ ቀኝ በሄድን ቁጥር 6.5 ወደ ታች እንድንወርድ ያዝዘናል። ስለዚህ በ1 ኪሎ ሜትር 23.5 ዲግሪ ይሆናል። ሁለት ነጥቦች አንድን መስመር ይወስናሉ፤ በ2 ኪሎ ሜትር የሚገኘው 17 ዲግሪ ለማረጋገጫ ይበቃል።

ከዚህም በላይ ቁጥሮቹ ትርጉም አላቸው። ከቆላ ወደ ደጋ የወጣ ሰው የመስመሩን ማዘንበል በሰውነቱ ያውቀዋል። መስመሩን ከቋሚው ዘንግ ወደ ግራ ብናስረዝመውም ትርጉሙን አያጣም፤ በዳሎል አካባቢ የሚገኘው የጨው ሜዳ ከባሕር ጠለል በታች ከ100 ሜትር በላይ ዝቅ ያለ በመሆኑ፣ አሉታዊ ከፍታ በአገራችን በእግር የሚረገጥ መሬት ነው። ተማሪው «ስሎፕ» የሚለውን ቃል ከመስማቱ በፊት አቀበትንና ቁልቁለትን ያውቃል። እዚህ ላይ ግን ጥንቃቄ ያሻል፤ መንገዱ አቀበት ሲሆን መስመሩ ቁልቁለት ነው። ግራፉን የተራራው ሥዕል አድርጎ የሚያይ ተማሪ በዚህ ይደናገራል፤ ሠንጠረዡን በትክክል ቢሞላ እንኳ መደናገሩ ሳይታወቅ ያልፋል።

ሠንጠረዥ ለማንኛውም እኩልዮሽ ያገለግላል የሚል መከራከሪያ ሊነሣ ይችላል። እውነት ነው፤ ቅርጹን አስቀድመን ለማናውቀው ጠመዝማዛ መስመር ተገቢ መነሻ ነው። የቀጥተኛ መስመር ቅርጽ ግን አስቀድሞ የታወቀ ነው፤ የሚቀረው የት እንደሚነሣና ምን ያህል እንደሚያዘነብል ማወቅ ብቻ ነው።

ጉዳዩ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ብቻ አይደለም። በመመረቂያ ጽሑፎቻችን የሪግሬሽን ውጤት ስናቀርብ ኮፊሸንቱ «ጉልህ ነው» ብለን ማለፍ ይቀናናል፤ አንዱ ተለዋዋጭ በአንድ አሃድ ሲጨምር ሌላው በስንት እንደሚለወጥ፣ ቋሚው ቁጥርም በጥናቱ አውድ ትርጉም ይኑረው አይኑረው ሳንገልጽ። ኮምፒውተሩ ሠንጠረዡን ሞልቶልናል፤ ንባቡ ግን የእኛ ድርሻ ነው። ስለዚህ መምህሩ ማስመሪያ ከማስነሣቱ በፊት፣ ተመራማሪውም ውጤቱን ከመተንተኑ በፊት ሁለት ጥያቄዎችን ያስቀድም፤ መስመሩ ከየት ይነሣል? በእያንዳንዱ እርምጃስ በስንት ይለወጣል?