ስምን የሚያወጣው መልአክ ነው ወይስ መዝገብ ቤት?

በመካከላችን ስለ ሥልጣኔ ክርክር በተነሣ ቍጥር «እኛ እኮ የቤተ ዘመድ ስም እንኳ የሌለን ሕዝብ ነን» እያሉ የሚያዝኑ ጓደኞች አይጠፉም። እንደነርሱ አስተሳሰብ አውሮፓዊው ከቅድመ አያቱ የወረሰው ስም ስላለው ዘሩን ያውቃል፤ እኛ ግን በየትውልዱ ስም ስለምንለዋውጥ ሥርዓት የለንም። ይህ አባባል ዝም ተብሎ የሚታለፍ ስላልሆነ፥ ለምሳሌ ያህል የጀርመኖችን ስም እንመርምር። ዓመተ ምሕረቱን የምጠቅሰው፥ ካላመለከትሁ በቀር፥ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ነው።

የጥንቱ ጀርመናዊ ስሙ አንድ ብቻ ነበር፤ ትርጕምም ነበረው። ብዙውን ጊዜ ሁለት ቃላት ተጋጥመው የሚሠሩት ነው። ፍሪድሪክ ከሰላምና ከኃያል ገዥ፥ ሉድቪግ ከዝናና ከጦርነት፥ ቪልሄልም ከፈቃድና ከራስ ቍር፥ ገርትሩድ ከጦርና ከብርታት የተገጠሙ ናቸው። ወላጅ ለልጁ የሚመኝለትን በስሙ ውስጥ አኖረለት ማለት ነው። ታዲያ ይህ ከኛ ከኃይሉና ከድል ነሣው፥ ከብርቱካንና ከሰላማዊት በምን ይለያል?

የቤተ ዘመድ ስም የመጣው ኋላ ነው። ከ12ኛው መቶ ዓመት ጀምሮ በደቡብና በምዕራብ ጀርመን ከተሞች ሕዝቡ እየበዛ ሲሄድ በአንድ ሰፈር ብዙ ሃይንሪክና ብዙ ዮሐንስ ተገኘ። ግብር የሚመዘግበውና ውል የሚጽፈው ጸሐፊ አንዱን ከሌላው ለመለየት ከስሙ ቀጥሎ ሥራውን፥ መንደሩን፥ መልኩን ወይም የአባቱን ስም ይጨምር ጀመር። ሙለር ባለወፍጮ፥ ሽሚት ብረት ቀጥቃጭ፥ ቬበር ሸማኔ፥ ጌርበር ቆዳ ፋቂ፥ ክላይን ትንሹ፥ ፔተርስ የጴጥሮስ ልጅ ማለት ነው። እንግዲህ ያ የምንቀናበት ስም ከሰማይ የወረደ የዘር ማኅተም ሳይሆን፥ አብዛኛው ለመለያ ያህል የተለጠፈ ምልክት ነው።

ከዚህ ላይ ግን ልናፍርበት የሚገባን አንድ ነገር አለ። ከ1974 እስከ 1982 ምዕራብ ጀርመንን በመራሔ መንግሥትነት የመሩት ሄልሙት ሽሚት ስማቸው ወደ ቋንቋችን ሲመለስ «ቀጥቃጩ» ነው። በኛ አገር ቀጥቃጭና ፋቂ የሚሉት ቃላት ስድብ ስለ ነበሩ ዳግማዊ ምኒልክ ሠራተኛ እንዳይሰደብ ዐዋጅ እስከ ማስነገር ደርሰዋል፤ ስድቡ ግን በዐዋጅ ብቻ አልጠፋም። ከጀርመኖች ስም የምንቀዳው ነገር ካለ፥ የእጅ ሥራን ያለ ኀፍረት መሸከምን እንቅዳ።

ደግሞም ጀርመኖች ሁሉ ይህን ልማድ በፈቃዳቸው የያዙት አይምሰለን። በሰሜን ባሕር ዳርቻ የሚኖሩት የምሥራቅ ፍሪዝላንድ ሰዎች እንደኛው በአባት ስም ይጠሩ ነበር። የያን ልጅ ሂንሪክ «ሂንሪክ ያንሰን» ይባላል፤ የእርሱ ልጅ ፔተር ደግሞ «ፔተር ሂንሪክስ» ይሆናል። አገራቸው በናፖሊዮን እጅ በነበረ ጊዜ፥ በ1811 በወጣ ትእዛዝ፥ የማይለወጥ ስም እንዲይዙ ተገደዱ። ሕዝቡ ግን ልማዱን ቶሎ አልተወም። እነሆም ከሜይ 1 ቀን 2025 ጀምሮ የጸናው አዲሱ የጀርመን የስም ሕግ ለፍሪዝላንዶች ልጃቸውን በወላጅ ስም የመጥራት መብታቸውን መልሶላቸዋል።

መዝገብ ለግብር ብቻ ሳይሆን ለግፍም ያገለግላል። ፕሩሲያ በ1812 ለአይሁድ የዜግነት መብት ስትሰጥ የጸና የቤተ ዘመድ ስም እንዲይዙ ግዴታ አደረገችባቸው። እነርሱም ግዴታውን ፈጸሙ፤ ብዙዎቹም ልጆቻቸውን እንደ ጎረቤቶቻቸው ሉድቪግና ሲግፍሪድ እያሉ ጠሩ። በኦገስት 1938 ግን የናዚ መንግሥት፥ የመጠሪያ ስማቸው እርሱ ካወጣው የአይሁድ ስም ዝርዝር ውጭ የሆነ አይሁድ ሁሉ፥ ወንዱ «እስራኤል»፥ ሴቷ «ሣራ» የሚል ስም እንዲጨምሩ አዘዘ። ትእዛዙ ከጃንዋሪ 1939 ጀምሮ ጸና። የአብርሃም ሚስት የከበረ ስም ሰው ማሳደጃ ምልክት ሆነ።

የሴቶቹንም ነገር እንይ። ከ1900 ጀምሮ የጸናው የጀርመን ፍትሐ ብሔር ሕግ ያገባች ሴት የባሏን ስም እንድትይዝ ያስገድድ ነበር። ባልና ሚስት እያንዳንዳቸው የየራሳቸውን ስም ይዘው መኖር እንዲችሉ በሕግ የተደነገገላቸው ከ1994 ጀምሮ ነው። የኛ አያቶች ግን ስማቸውን ለባል ሳያስረክቡ ኖረው ሞተዋል። ይህን ስል የኛ ሥርዓት እንከን የለውም ማለቴ አይደለም፤ አባት እየተጠራ እናት ዘጠኝ ወር ተሸክማ ከስሙ ውጭ መቅረቷ ሊያነጋግረን ይገባል።

ጕዳዩ ለጨዋታ ብቻ የሚነሣ አይደለም። በ1952 ዓ.ም. በኛ አቈጣጠር የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕጋችን እያንዳንዱ ሰው ከመጠሪያ ስሙና ከአባቱ ስም ሌላ የቤተ ዘመድ ስም እንዳለው ይደነግጋል። ሕጉ ይህን ቢልም ሕዝቡ በአባቱ ስም መጠራቱን ቀጥሏል። ሕግና ሕዝብ በስም እንኳ ካልተስማሙ፥ መታረም ያለበት ማን ነው?

የልደት መዝገብ አያስፈልግም የሚል ሰው የለም፤ ለውርስም፥ ለትምህርት ቤትም፥ ለፓስፖርትም ያስፈልጋል። የመዝገቡ ተግባር ግን ሰው ያለውን ስም መጻፍ እንጂ የሌለውን መፍጠር አይደለም። ወደ ጀርመን አገር ለትምህርት የሚሄድ ጓደኛችንም የቤተ ዘመድ ስም ከሚጠይቀው ባዶ ቦታ ላይ የአባቱን ስም ሲሞላ ምንም የጐደለው ሰው መስሎ አይሸማቀቅ። ከጎኑ የተቀመጠው ሄር ሙለር የወፍጮ ስም ተሸክሟል፤ እርሱ የወለደውን ሰው ስም ተሸክሟል። የትኛውም ከየትኛው አያንስም።