ስም የሌለው ቀዬ ተፈናቃይ የለውም

ሰሞኑን አንድ የፊልም ባለሙያ ጀማሪ ጸሐፊዎችን ሲመክር ሰማሁ። ስለ መፈናቀል ስትጽፉ የቦታ ስም አትጥሩ፤ ታሪኩ የሁሉም ሰው እንዲሆን «አንድ ከተማ» በሉና እለፉ ይላል። ጀማሪዎቹ አጨበጨቡለት። እኔ ግን ተናደድኩ፤ ንዴቴም እስካሁን አልበረደም።

ለመሆኑ ስም ከሌለው ቦታ ማን ይፈናቀላል? በ2013 ዓ.ም. አጣዬ ስትቃጠል ሸሽቶ ደብረ ብርሃን የገባው ሰው ያጣው ቤቱን ብቻ አይደለም፤ ቆላውንም አጥቷል። የይፋት ሰው ነው። ማሽላና ማሾ ሲያመርት፣ ልጁን ማማ ላይ አውጥቶ በወንጭፍ ወፍ ሲያስጠብቅ የኖረ ነው። ሸዋሮቢትን አልፎ፣ የደብረ ሲናን ዳገት ወጥቶ፣ የጣርማበርን ዋሻ ሲሻገር ሌላ አገር ይገጥመዋል። ደብረ ብርሃን ወደ 2,800 ሜትር ከፍታ ላይ ናት። በስስ ሽርጥ የኖረ ቆለኛ እዚያ ብርድ ላይ ሲያድር ከየት እንደመጣ ሰውነቱ ይነግረዋል። ይህ ሁሉ በ«አንድ ከተማ» ውስጥ የት ይገባል?

ስም በሌላቸው ታሪኮች በተግባር የምናየውማ ያው ነው፦ ጋቢ የለበሰ ደገኛ፣ ጭጋግ፣ ዋሽንት። ቦታው ሲሰረዝ ደጋው ብቻ የአገር መልክ ሆኖ ይቀራል። ከአጣዬ አጠገብ ባለችው ሰንበቴ እሑድ ገበያ ሲቆም ግን አማራው፣ ኦሮሞው፣ አርጎባውና አፋሩ አብረው ይገበያያሉ፤ በአንዱ ቋንቋ ዋጋ ጠርተው በሌላው ይከራከራሉ። ስለ ማንነት መጻፍ የሚፈልግ ሰው ከዚህ የበለጠ ምን ይፈልጋል? ይህን ጥሎ የሚጽፍ ሰው እጁ ላይ የሚቀረው የሚያለቅስ ፊት ብቻ ነው።

የተከበሩት ፊልሞቻችን ይህን ምክር አልሰሙም። ኃይሌ ገሪማ በ«ጤዛ» ዋና ገጸ ባሕርዩን አንበርብርን ከጀርመን መልሶ ያመጣው ጣና ዳር ወዳለችው የትውልድ መንደሩ ነው፤ ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ2008 በቬኒስ ፌስቲቫል በድርሰቱ ጭምር ተሸልሟል። ጄሲካ በሽር «ፋያ ዳዪ»ን የሠራችው ባደገችበት ሐረር፣ በጫቱና በጫት ለቃሚው ላይ ነው። የቦታው ስም መጠራቱ የባዕድ አገር ተመልካች አላሳጣቸውም።

ስሙን የምንተወው ከፖለቲካ ለመራቅ ነው የሚሉትም ሰበባቸውን ይተዉት። አጣዬን በስሟ መጥራት ማንንም መክሰስ አይደለም። መደበቁ ግን የሚጎዳው አንድ ወገን አለ፤ እሱም ቤቱ የነደደበት ሰው ነው። ቤቱን አንዴ አጥቷል፤ ጸሐፊው ደግሞ የቀዬውን ስም ይነጥቀዋል።

ስለዚህ ወጣት ጸሐፊዎች፣ አጣዬን አጣዬ፣ ሸዋሮቢትን ሸዋሮቢት በሉ። ሂዱና ሙቀቱን ቅመሱ፤ በሮቢ ወንዝ ውኃ ሽንኩርት ከሚያለማው ገበሬ ጋር ቁጭ ብላችሁ አውሩ። አማካሪው ስሙን ቢሰርዝባችሁ መልሳችሁ ጻፉት።