ማህተሙ የቤተሰብ ዕቃ አይደለም!

ወገን፣ እስቲ አንድ ጥያቄ፦ የወረዳ ኃላፊ ለወንድሙ ልጅ «የወረዳችን ነዋሪ ነው» ብሎ ፈርሞ ማህተም ቢያሳርፍ ችግር አለው? ብዙዎቻችን «ልጁ የእውነት ነዋሪ ከሆነ ምን ችግር አለው?» እንላለን።

አለው! ማህተም የሚታመነው ፈራሚው ከጉዳዩ ውስጥ የለሁበትም ስለሚል ነው። አጎት ሲፈርም መዝገብ አይቶ ይሁን ፊት አይቶ ማን ያውቃል? ልጁም ይጎዳል፤ ትክክለኛ ማስረጃው «በዘመድ ያወጣው ነው» እየተባለ ሲጠረጠር ይኖራል።

ለዳኞች ይህ ነገር ድሮ ያለቀ ነው። የቀድሞው የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ ቁጥር 25/1988 ገና ያኔ ዳኛ ከተከራካሪ ጋር የሥጋ ወይም የጋብቻ ዝምድና ካለው ከችሎት እንዲነሳ ደንግጎ ነበር። ሌባ ነው ተብሎ አይደለም፤ ሰው ስለሆነ ነው። ልብ በሉ፣ ዳኛ በግልጽ ችሎት ይሠራል፣ ፍርዱም በይግባኝ ይታያል። የወረዳዋ ወረቀትስ? ቢሮ ውስጥ ተፈርማ ትወጣለች፤ ቀጣዩ መሥሪያ ቤት «ከታች ተረጋግጦ መጥቷል» ብሎ ያሳልፋታል።

ቀላል ወረቀት እንዳይመስላችሁ። በነዋሪነት መታወቂያ ይወጣል፤ በመታወቂያው ውክልና ይሰጣል፣ ቤት ይሸጣል። አባት ሞቶ «ልጆቹ እነዚህ ብቻ ናቸው» የሚል ደብዳቤ የሚጽፈው የወራሾቹ አጎት ቢሆንስ? አረብ አገር ያለችው እህት ስሟ ቢዘለል ማን ይጮህላታል? እሷ የምትሰማው ቤቱ ከተሸጠ በኋላ ነው።

«በትንሽ ቀበሌ ሁሉም ዘመድ ነው» የሚል አይጠፋም። እሺ፣ ዝምድናው ወንጀል አይደለም። ግን ዝምድናውን በጽሑፍ አሳውቆ ፋይሉን ለባልደረባው ወይም ለበላይ ኃላፊ ማስተላለፍ ምን ያቅታል? ይህ ለኃላፊውም እፎይታ ነው። «ዘመድ ከዘመዱ፣ አህያ ከአመዱ» በሚባልበት አገር ለአክስት ልጅ እምቢ ማለት ከባድ ነው። «ደንቡ አይፈቅድልኝም» ማለት ግን ከይሉኝታ ያወጣዋል።

ስለዚህ የምንጠይቀው ግልጽ ነው፦
👉 ማንም ኃላፊ ለራሱ፣ ለትዳር ጓደኛውና ለዘመዱ ማስረጃ አይፈርም።
👉 ዝምድና ካለ ፋይሉ ላይ ተጽፎ ሌላ ሰው ይፈርማል።
👉 ይህ ደንብ በየቢሮው በር ላይ ይለጠፋል።

አንተም ወንድሜ፣ አንቺም እህቴ! አጎት «ና በኋላ በር ልጨርስልህ» ሲል «አመሰግናለሁ፣ ተሰልፌ አወጣለሁ» እንበል። ዘመድ የሌላት ልጅ «ሲስተም የለም፣ ነገ ተመለሺ» እየተባለች የምትመላለሰው እኛ በኋላ በር ስለምንገባም ነው።

#ማህተሙ_የሕዝብ_ነው