ራማ በናይሮቢ በማን ልሳን ይተረክ?

ከሞምባሳ ተነሥቶ ቪክቶሪያ ሐይቅ የደረሰው የባቡር ሐዲድ ከ1896 እስከ 1901 እ.ኤ.አ. በተሠራ ጊዜ ከ30 ሺህ የሚበልጡ የህንድ ሠራተኞች ወደ ምሥራቅ አፍሪካ መጥተው አብዛኞቹ ቢመለሱም፣ የቀሩትና ዱካቸውን የተከተሉት የጉጃራት ነጋዴዎች ናይሮቢ ላይ ሱቅና ቤተ መቅደስ ብቻ ሳይሆን «ካታ» የሚሉትን የትረካ ሥርዓት ጭምር ተክለዋል፤ ስመ ጥሩው ተራኪ ሞራሪ ባፑም ከህንድ ውጭ የመጀመሪያውን ካታ ያሰማው በዚችው ከተማ በ1976 ነው።

ተራኪው ከፍ ባለ መንበር ተቀምጦ፣ ከራማ ታሪክ መጽሐፍ አንድ አንቀጽ ካዜመ በኋላ ዜማውን ገትቶ በጉጃራቲ ወይም በሂንዲ ሲያብራራ፣ ምሳሌ ሲያመጣ፣ ወደ ንባቡ ሲመለስ፣ እንዲሁም እያለ ዘጠኝ ቀን ሲሰነብት ያየ ኢትዮጵያዊ፣ ግእዙን አንብበው በአማርኛ «አንድም» እያሉ የሚያመሰጥሩት የትርጓሜ መምህራን ትዝ ሳይሉት አይቀሩም። ትረካው የቆመበት የሂንዱዎች እምነት እንደሚለው፣ ጽድቅ በደከመ፣ ዐመፅ በሠለጠነ ጊዜ ቪሽኑ የሚሉት አምላካቸው አንዴ በዓሣ፣ አንዴ በኤሊ፣ አንዴም ግማሹ አንበሳ ግማሹ ሰው በሆነ አካል፣ በኋላም በራማና በክሪሽና አምሳል ይወርዳል፤ «አቫታር» የሚለው የሳንስክሪት ቃልም ፍቺው መውረድ ነው። «ወረደ፣ ተወለደ» የምንል ክርስቲያኖች ይህን ስንሰማ ልባችን ቢነቃም፣ የእኛ ምሥጢረ ሥጋዌ አንድ ጊዜ የተፈጸመ፣ የእነርሱ መውረድ ግን እየተደጋገመ የሚመጣ ነውና፣ ልዩነቱን ማድበስበስ ለሁለቱም ሃይማኖት ክብር መንፈግ ሆኖ ይታየኛል።

እኔን አጥብቆ የሚያሳስበኝ የልሳን ነገር ነው። የህንዱ ባለቅኔ ቱልሲዳስ የራማን ታሪክ በ1574 መጻፍ ሲጀምር፣ የሊቃውንት ልሳን የነበረውን ሳንስክሪት ትቶ የአገሬው ሕዝብ በሚናገረው በአዋዲ ጽፎታል፤ ትረካውም ከሊቃውንት ጉባኤ ወጥቶ ባላገሩ ቤት የገባው በዚህ ነው። እንግዲህ የእርሱን መጽሐፍ የሚተርኩ የናይሮቢ ሰዎች፣ የኬንያ መንግሥት በ2017 ወገናቸውን 44ኛው ነገድ ብሎ ከተቀበለ ወዲህ፣ ያንኑ ትረካ በስዋሂሊም ሊያሰሙ ይገባቸዋል እላለሁ። ራማ አልጋ ወራሽ ሳለ የአባቱ ቃል እንዳይታበል ብሎ ዘውዱን ትቶ 14 ዓመት በዱር የተሰደደ ነው፤ በናይሮቢ ሰፈሮች፣ በንጋራም ሆነ በፓርክላንድስ፣ በዚያ አገር አስካሪ የሚባለው ዘበኛ ከበሩ ላይ ቆሞ ዜማውን ሌሊት ይሰማል፤ ስለ ዘውዱና ስለ ቃሉ ግን በሚገባው ልሳን የነገረው የለም።